«ለመተማመኛ ነው» ተብሎ የተፈረመ የቤት ሽያጭ

ጥያቄ፦ ውድ አዘጋጆች፣ አዲስ አበባ የምኖር የሁለት ልጆች አባት ነኝ። በሐምሌ 2016 ዓ.ም. ለሱቄ ዕቃ ማስገቢያ ከአንድ የማውቀው ነጋዴ 600,000 ብር ተበደርኩ። ወለዱ በወር 5 በመቶ፣ ማለትም 30,000 ብር ነው። ሰውየው «ለመተማመኛ ነው» ብሎኝ መኖሪያ ቤቴን በ1,500,000 ብር እንደሸጥኩለት የሚገልጽ ውል ውልና ማስረጃ ሄደን ተፈራረምን፤ ባለቤቴም ፈርማለች። በዚያው ቀን ስም ለማዛወር የሚያስችል ውክልና ሰጠሁት፤ ዋናውን ካርታም ወሰደ። ብድር መሆኑን የሚገልጽ ወረቀት በመካከላችን የለም። ወለዱን እስከ መስከረም 2018 ዓ.ም. ድረስ 14 ወር በባንክ ከፍያለሁ። አሁን ዋናውን ልመልስ ብለው «እኔ ቤት ነው የገዛሁት» አለና በጠበቃው በኩል በ30 ቀን እንድለቅ ደብዳቤ ላከ። ቤቱ ዛሬ 8 ሚሊዮን ብር ያወጣል። የምኖርበት እኔ ነኝ፤ ሁለት ክፍልም አከራይቻለሁ። ነገሩ ብድር መሆኑን ሦስት ጎረቤቶች ያውቃሉ። ምን ላድርግ?

መልስ፦ ወንድማችን፣ ካርታው ላይ ያለው ስም እስካሁን የእርስዎ ከሆነ ቤቱ ገና አልሄደም። በፍትሐብሔር ሕግ ቁጥር 1185 መሠረት የማይንቀሳቀስ ንብረት ባለቤትነት የሚተላለፈው በንብረት መዝገብ ሲገባ ነው። ውልና ማስረጃ ላይ የተፈረመው ወረቀት ለሰውየው «ስም ይዛወርልኝ» ብሎ የመጠየቅ መብት ሊሰጠው ይችላል፤ በራሱ ግን የቤት ባለቤት አያደርገውም። የ30 ቀኑ ደብዳቤም የጠበቃ ደብዳቤ ነው። ከቤትዎ ሊያስወጣዎ የሚችለው የፍርድ ቤት ውሳኔና አፈጻጸሙ ብቻ ነው።

ከሁሉ በፊት የሚያስፈራው ሽያጩ ሳይሆን ውክልናው ነው። ውሉ ብቻውን ቢሆን ሰውየው ስም ለማዛወር ወይ እርስዎን ይዞ መቅረብ፣ ወይ ፍርድ ቤት ከሶ ማስገደድ ነበረበት። ውክልናው በእጁ ሳለ ግን ነገ ጠዋት ክፍለ ከተማ ሄዶ፣ የቴምብር ቀረጡን 2 በመቶ ከፍሎ፣ ስሙን ሊያዞር ይችላል። ከዚያ በኋላ ለሦስተኛ ወገን ቢሸጠው ወይም ባንክ ቢያስይዘው፣ እርስዎ የሚከራከሩት ከአበዳሪዎ ጋር ሳይሆን «እኔ በቅን ልቦና ነው የገዛሁት» ከሚል የማያውቁት ሰው ጋር ይሆናል። ያ ክርክር ከዚህኛው በእጅጉ ይከብዳል።

ስለዚህ ይህን መልስ አንብበው ሲጨርሱ ባለቤትዎን ይዘው ውልና ማስረጃ ይሂዱና ውክልናውን ይሻሩ። ሰነዱ ላይ «የማይሻር» የሚል ቃል ተጽፎበት ቢሆን እንኳ አይደንግጡ፤ በፍትሐብሔር ሕግ ቁጥር 2226 ወካይ ውክልናውን በፈለገ ጊዜ መሻር ይችላል፣ ይህን የሚከለክል ስምምነትም ውጤት የለውም። መሻሪያውን በሦስት ኮፒ ያውጡ። አንዱን በአደራ ደብዳቤ ለሰውየው ይላኩ፤ ሁለተኛውን ካርታው ያለበት ክፍለ ከተማ ለሚገኘው የይዞታ መዝገብ ያስገቡ፤ ሦስተኛው ላይ ክፍለ ከተማው የመግቢያ ቁጥር፣ ቀንና ማህተም እንዲመታበት አድርገው እርስዎ ዘንድ ያስቀሩት። ብዙ ሰው ውክልናውን ሽሮ ወረቀቱን ኪሱ ያስቀምጠዋል። የክፍለ ከተማው ሠራተኛ መሻሩን ካላወቀ ደግሞ በአሮጌው ውክልና ሥራውን ይሠራል።

እዚያው ሳሉ የሽያጩንና የውክልናውን የተረጋገጠ ግልባጭ ይጠይቁ። ከክፍለ ከተማው ደግሞ ይዞታው ዛሬ በማን ስም እንዳለና ከዕዳና ዕገዳ ነፃ መሆን አለመሆኑን የሚገልጽ ማስረጃ ያውጡ። ስሙ ቀድሞ ተዛውሮ ካገኙት ከታች የምንለው ሁሉ ይሠራል፤ ልዩነቱ የስም ዝውውሩም እንዲሰረዝ አብሮ መጠየቁ ነው።

አሁን ወደ ዋናው ክርክር እንግባ። ድክመትዎን አንደብቅዎትም። ቁጥር 1723 የቤት ሽያጭ በጽሑፍ ሆኖ በፍርድ ቤት ወይም በውል አዋዋይ ፊት እንዲደረግ ይጠይቃል፤ የእናንተ ውል ይህን አሟልቷል። ባለቤትዎ ስለፈረሙም በቤተሰብ ሕጉ (አዋጅ ቁጥር 213/1992) አንቀጽ 68 እና 69 «የትዳር ጓደኛ ሳይስማማ» በሚል የሚነሳው መቃወሚያ ተዘግቷል። ይባስ ብሎ ቁጥር 2005 በጽሑፍ የተደረገ ውል በፈረሙት ሰዎች መካከል ስለያዘው ቃል ሙሉ ማስረጃ ነው ይላል። ሦስቱን ጎረቤቶች አቁመው «እኛ እስከምናውቀው ብድር ነው» ቢያስብሉ፣ የተቃራኒ ወገን ጠበቃ የሚጀምረው «በሰነድ ላይ ምስክር አይሰማም» ብሎ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜም ይሳካለታል። ብድሩም ቢሆን ከ500 ብር በላይ ስለሆነ በቁጥር 2472 የሚረጋገጠው በጽሑፍ፣ ፍርድ ቤት በሚሰጥ የእምነት ቃል (ተከራካሪው ራሱ ነገሩን ማመኑ) ወይም በመሐላ ነው። በምስክር ላይ ብቻ ተደግፎ የተከፈተ የዚህ ዓይነት ክስ የሚወድቀው በዚህ ምክንያት ነው።

ታዲያ ምን ቀረዎት? የገንዘቡ መንገድ። ወረቀቱ ሽያጭ ይላል፤ ብሩ ግን ሌላ ነገር ያወራል። ወደ ባንክዎ ይሂዱና ከሰኔ 2016 እስከ ዛሬ ያለውን የሂሳብ መግለጫ ማህተም አስመትተው ይቀበሉ። በአንድ ቀን የገባውን 600,000 ብርና ከነሐሴ 2016 እስከ መስከረም 2018 በየወሩ የወጣውን 30,000 ብር በቀለም ያስምሩበት። አሁን ዳኛው ፊት ያለውን ሥዕል ያስቡት፦ «ገዢው» 1,500,000 ብር ከፈልኩ ይላል፤ ባንኩ ያየው 600,000 ነው። ቤቱ 8 ሚሊዮን ያወጣል፤ ውሉ 1.5 ይላል። ከሁሉ በላይ ደግሞ «ሻጩ» ለ«ገዢው» 14 ወር ሙሉ በየወሩ እኩል ገንዘብ ይልካል። ቤቱን የሸጠ ሰው ለገዢ በየወሩ የሚከፍለው ስለምን ነው?

ይህን ጥያቄ ዳኛው ራሱ እንዲጠይቅ ማድረግ የጠበቃዎ ትልቁ ሥራ ነው። በፍትሐብሔር ሥነ ሥርዓት ሕግ ቁጥር 241 መሠረት ፍርድ ቤቱ ክሱ በሚሰማበት የመጀመሪያ ቀን ተከራካሪዎቹን ስለ ክሱና ስለ መልሱ ይጠይቃል። ያን ጊዜ ሰውየው ራሱ፣ በራሱ አንደበት፣ ቀሪውን 900,000 ብር የት፣ መቼ፣ በማን ፊት እንደከፈለ ማስረዳት ይኖርበታል። «በጥሬ ገንዘብ ሰጠሁት» ካለ ከየትኛው ሂሳብ እንዳወጣው፣ 30,000ውን ለምን ይቀበል እንደነበር ይቀጥላል። «የቤቱ ኪራይ ነው» ሊል ይችላል፤ የተለመደ መልስ ነው። እንግዲያው የኪራይ ውሉን ያምጣ። ጠበቃዎ እነዚህን ጥያቄዎች አስቀድሞ በቅደም ተከተል ጽፎ ይግባ።

የእምነት ቃልም ከፍርድ ቤት በፊት መፈለግ ይጀምራል። እስካሁን የተላላካችሁትን የስልክና የቴሌግራም መልእክት አንድም ሳይሰርዙ ያስቀምጡ፤ ስልክዎን አይቀይሩ፤ ድምፅ ካለም ዋናው ፋይል ስልኩ ላይ ይቆይ። ቁጥሩና ቀኑ አብሮ እንዲታይ አድርገው ያትሙት። ከዚያም ሳይቆጡ፣ ሳያስፈራሩ፣ እንዲህ ያለ መልእክት ይላኩለት፦

«ጤና ይስጥልኝ አቶ እገሌ። በሐምሌ 2016 ከእርስዎ የተበደርኩትን 600,000 ብር ዋናውን ለመመለስ ተዘጋጅቻለሁ። እስከ መስከረም ድረስ በየወሩ 30,000 ብር ወለድ መክፈሌንም ያውቃሉ። ካርታዬን ተቀብዬ፣ የሽያጩን ውል ውልና ማስረጃ ቀርበን የምንሰርዝበትን ቀን ቢነግሩኝ።»

«የጥቅምቱን ሳትከፍል ስለ ዋናው አታውራ» ብሎ ቢመልስ፣ አንድ መስመር ጽሑፍ ከሦስት ምስክር የበለጠ ይሠራልዎታል። ዝም ቢልም አልከሰሩም፤ ዋናውን ለመመለስ መጠየቅዎ ቀን ተቆጥሮበት ይቀመጣል። ለጠበቃው ደብዳቤ የሚሰጡት የጽሑፍ መልስም ይዘቱ ይኸው ይሁን፤ 30ው ቀን ሳያልቅ ይድረሰው። በየትኛውም ወረቀት ላይ ግን «አልፈረምኩም» ወይም «አላነበብኩትም» ብለው አይጻፉ። ፊርማዎ በፎረንሲክ ተመርምሮ የእርስዎ ሆኖ ሲገኝ ሌላው እውነትዎ ሁሉ አብሮ ይወድቃል። የፈረሙትን ፈርሜያለሁ ይበሉ፤ ክርክርዎ ለምን እንደተፈረመ ነው።

ሕጉስ ከማን ጋር ነው? እዚህ ላይ ቦታዎ ከሚያስቡት ይሻላል። ሰውየው «ዕዳህን ካልከፈልክ ቤቱ የእኔ ነው» የሚል ነገር በግልጽ ቢያጽፍ ኖሮ የፍትሐብሔር ሕግ ቁጥር 3060 ይመታው ነበር፤ ዕዳ በጊዜው ባይከፈል አበዳሪው በሕግ የተወሰነውን ሥርዓት ሳይከተል የተያዘውን ቤት እንዲወስድ ወይም እንዲሸጥ የሚፈቅድ ስምምነት አይጸናም። ቤቱን ማስሸጥ ያለበት በፍርድ፣ በሐራጅ ነው፤ ከዕዳው የተረፈውም ለባለቤቱ ይመለሳል። ያለ ፍርድ በሐራጅ የመሸጥ ሥልጣን በአዋጅ ቁጥር 97/1990 የተሰጠው ለባንኮች እንጂ ለግለሰብ አበዳሪ አይደለም። ሽያጭ የተባለው ልብስ የተለበሰው ይህንን ለማምለጥ ነው። በትክክለኛ ስሙ፣ በመያዣነት ይታይ ከተባለ ደግሞ እንደ መያዣም አይቆምም፦ ቁጥር 3045 የመያዣ ውል ዋስትና የተሰጠበትን የገንዘብ ልክ በኢትዮጵያ ብር እንዲገልጽ ያስገድዳል፣ ቁጥር 3052 ደግሞ ቤቱ ባለበት ቦታ በማይንቀሳቀስ ንብረት መዝገብ ካልተመዘገበ ውጤት የለውም ይላል። የእናንተ ወረቀት ሁለቱም የለውም።

በነገራችን ላይ፣ በገጠሩ የቀድሞ ልማድ ወለድ አገድ የሚባለው ከዚህ የተሻለ ነበር። አበዳሪው መሬቱን ይዞ ፍሬውን በወለዱ ፈንታ ይበላል፣ ዋናው ሲመለስለት መሬቱን ይለቃል። መመለሱ በስምምነቱ ውስጥ አለ። የፍትሐብሔር ሕጉም ያውቀዋል። የዛሬው «ለመተማመኛ» ሽያጭ ግን መመለሱን ከወረቀቱ አውጥቶ በሰውየው ሕሊና ላይ ጥሎታል።

ሁለተኛው መሠረትዎ ቁጥር 1710 ነው። የአንዱን ወገን ችግር፣ የዋህነት ወይም በግልጽ የሚታይ የንግድ ልምድ ማነስ መጠቀሚያ አድርጎ የተገኘ ውል፣ ፍትሕ የሚጠይቅ ሲሆን ከሕሊና ጋር የሚቃረን ነው ተብሎ ሊፈርስ ይችላል። የ8 ሚሊዮን ቤት በ1.5፣ በእውነቱ ደግሞ በ600,000 መሄዱ እዚህ ይገባል። ነጋዴ ስለሆኑ «ልምድ የለኝም» ማለቱ እንደማያስኬድዎ ግን ይወቁ፤ የሚያዋጣዎት በዚያን ወቅት የነበረብዎትን ችግር ማሳየት ነው፤ ይህ ደግሞ የውሉ ቃል ሳይሆን ፍሬ ነገር ስለሆነ ምስክሮችዎ ቦታ የሚያገኙት እዚህ ላይ ነው። የዚህ መንገድ አደጋ ጊዜው ነው። በቁጥር 1810 ክሱ መቅረብ ያለበት ውሉ ከተደረገ በ2 ዓመት ውስጥ ነው። ሐምሌ 2016 የተፈረመ ውል ሐምሌ 2018 ላይ በሩ ይዘጋበታል። «ውሉ ከመነሻው ውጤት የለውም» የሚለው ክርክር ይርጋው (ክስ የማቅረቢያ ጊዜ ገደቡ) ሌላ ነው ብሎ የሚያጽናናዎት ሰው ሊኖር ይችላል፤ እርስዎ ግን በይርጋ ከሚከራከሩ ከሐምሌ በፊት መዝገብ ቢከፍቱ ይሻላል። ሽማግሌ ተልኮ መመላለሱ፣ ፖሊስ ዘንድ የተሰጠ ቃል፣ በስልክ «ቆይ እንነጋገራለን» መባባሉ ቀኑን አያቆሙትም።

የመጀመሪያው ክስ የእርስዎ ይሁን። የቤት ክርክር ቤቱ ባለበት ቦታ ይቀርባል፤ የክሱ ግምት ከ10 ሚሊዮን ብር የማይበልጥ ከሆነ በአዋጅ ቁጥር 1234/2013 መሠረት የፌዴራል የመጀመሪያ ደረጃ ፍርድ ቤት ያየዋል። ዳኝነቱን በአማራጭ ይጠይቁ፦ በመጀመሪያ ውሉ ለብድር ዋስትና የተደረገ እንጂ ሽያጭ ስላልሆነ ቤቱን ለመውሰድ ውጤት የለውም ይባልልኝ፤ ይህ ቢታለፍ በቁጥር 1710 ይፍረስልኝ፤ በሁለቱም ዋናው ካርታ ይመለስልኝ፣ የብድሩ ሂሳብም ይጣራ። ከክሱ ጋር በዚያው ቀን በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 154 የዕግድ አቤቱታ በቃለ መሐላ አስደግፈው ያስገቡ። አቤቱታው ላይ «ጉዳት እንዳይደርስብኝ» ብቻ ብለው አይለፉ። ዋናው ካርታ በሰውየው እጅ እንዳለ፣ ውክልና እንደነበረውና መቼ እንደተሻረ፣ የልቀቅ ደብዳቤ መላኩን ከነቀኑ ይጻፉ። ዕግዱ ሲሰጥ የትእዛዙን ደብዳቤ በመዝገብ ቤት አይተዉት፤ እስከ ክፍለ ከተማው ድረስ ተከታትለው መድረሱን በማህተም ያረጋግጡ። የዳኝነት ክፍያው ከአቅምዎ በላይ ከሆነ በደኃ ደንብ፣ ማለትም ክፍያውን ሳይጠየቁ (ቁጥር 467)፣ ለመክሰስ መጠየቅ ይቻላል።

ሰውየው ቀድሞ ከከሰሰ ያው ክርክር በመልስዎና በተከሳሽ ከሳሽነት (ከመልስዎ ጋር በሚያቀርቡት የራስዎ ክስ) ይቀርባል። መጥሪያው ከደረሰዎ ግን አንድ ቀጠሮ እንኳ አይቅሩ። በሌሉበት ታይቶ ቢወሰንብዎ ለማስነሳት ያለዎት ጊዜ በሥነ ሥርዓት ሕጉ ቁጥር 78 ውሳኔውን ካወቁ አንድ ወር ነው።

ስለ ሂሳቡ፦ ግለሰብ ለግለሰብ በሚሰጠው ብድር ወለድ በፍትሐብሔር ሕግ ቁጥር 2479 ከዓመት 12 በመቶ ሊበልጥ አይችልም። የእርስዎ በዓመት 60 በመቶ ነው። በ12 በመቶ ቢሰላ የ600,000 ብር የወር ወለድ 6,000 ነው፤ በ14 ወር 84,000። የከፈሉት 420,000 ነው። ትርፉ 336,000 ብር ከዋናው ይቀነስልኝ ብለው ይጠይቁ፤ ተቀባይነት ካገኘ በቀላል ስሌት የሚቀርዎት 264,000 ብር ነው። ፍርድ ቤቱ ስሌቱን በሌላ መንገድ ሊያየው ስለሚችል ግን ሙሉውን 600,000 ለመመለስ የሚያስችል ገንዘብ ያዘጋጁ። ዋናውን ለመመለስ ዝግጁ ሆኖ የቀረበ ተበዳሪና ገንዘቡን በልቶ «ውሉ ይፍረስልኝ» የሚል ተበዳሪ ዳኛ ፊት አንድ አይደሉም። አበዳሪው አልቀበልም ካለ ገንዘቡን ፍርድ ቤት እንዲቀመጥ መጠየቅም ይችላሉ።

አራጣ በወንጀል ሕጉ አንቀጽ 712 ያስቀጣል፤ የተበዳሪውን ችግር ተጠቅሞ ከሕጋዊው ወለድ በላይ ማበደር ማለት ነው። ለፖሊስ ማመልከት መብትዎ ነው፤ ምርመራውም ሌሎች ተበዳሪዎችን ሊያወጣ ይችላል። የወንጀል መዝገብ ግን ካርታ አያስመልስም፤ «ወንጀሉ ይለቅና» ብለው ሲጠብቁ ሐምሌ እንዳያልፍ። ቼክም ሰጥተውት ከሆነ ለጠበቃዎ አስቀድመው ይንገሩ፤ በቂ ስንቅ (በሂሳቡ ውስጥ ገንዘብ) የሌለው ቼክ በአንቀጽ 693 እርስዎን ያስከስሳል፣ አበዳሪም ለድርድር የሚያወጣው እሱኑ ነው።

ሽምግልናው ከተሳካ ደስ ይለናል። አፈጻጸሙ ግን በአንድ ቀን፣ በአንድ ጠረጴዛ ይሁን። እርስዎ ገንዘቡን በሲፒኦ ይዘው፣ እሱ ዋናውን ካርታ ይዞ፣ ከነትዳር ጓደኞቻችሁ ውልና ማስረጃ ትቀርባላችሁ። መጀመሪያ የሽያጩ ውል መሰረዝ ይፈረማል፤ ዕዳው መጠናቀቁም በዚያው ሰነድ ይጻፋል፤ ካርታውን ከግልባጩ ጋር አስተያይተው ይቀበላሉ፤ ሲፒኦው የሚሰጠው ከዚህ በኋላ ነው። «ገንዘቡን ዛሬ ስጠኝ፣ ውሉን ሰኞ እንሰርዛለን» የሚል ሽምግልና ገና አላለቀም።

በመካከሉ ሰውየው «ክርክሩ ይቅርና ቤቱ ውስጥ ኑር፣ ለወጉ ያህል የኪራይ ውል እንፈራረም» ሊልዎ ይችላል። በፍጹም አይፈርሙ። ከውሉ በኋላም ሳያቋርጡ በቤቱ መኖርዎ ሽያጩ የእውነት እንዳልነበረ የሚያሳይ ትልቅ ምልክት ነው፤ በአንድ የኪራይ ፊርማ ግን ከባለቤትነት ወደ ተከራይነት ይወርዳሉ፣ የ14ቱ ወር 30,000ም «ኪራይ» የሚባልበት ወረቀት ያገኛል። ከሐምሌ 2016 ወዲህ የከፈሉትን የጣሪያና ግድግዳ ግብር፣ የመብራትና የውኃ ደረሰኝ ሰብስበው ይያዙ። በጉልበት በር ለመቀየር ቢሞክር በቁጥር 1149 «ሁከት ይወገድልኝ» ብለው መክሰስ ይችላሉ።

ተከራዮችዎን ዛሬ ማታ ያነጋግሩ። ውላቸው በአዋጅ ቁጥር 1320/2016 መሠረት ወረዳ ተመዝግቦ ከሆነ ግልባጩን ከክሱ ጋር ያያይዙት፤ ካልተመዘገበ ያስመዝግቡ። ኪራዩን በእጅ ሳይሆን በእርስዎ ሂሳብ ያስገቡ። «አዲሱ ባለቤት ነኝ» ብሎ ወረቀት የሚያስፈርማቸው ሰው ከመጣ ምንም ሳይፈርሙ ስሙን፣ ቀኑንና ያለውን ቃል ጽፈው ይስጡዎት።